የድሮ ቪዲዮ ካሴት ዴክ ሳይበላው እንዴት ይገለበጣል? ከሰርግ ካሴት የሰፈር ታሪክ ለማትረፍ ዝርዝር መመሪያ

ቁም ሳጥን አናት ላይ የቪዲዮ ካሴት ያለው ሰው ሁሉ አንድ ቀን "ላስገልብጠው" ይላል። ከዚያ ዴክ ይዋሳል፣ ካሴቱን ይከታል፣ ፕሌይ ይጫናል። ብዙው ጥፋት የሚደርሰው እዚህች ላይ ነው። ለዓመታት ያልተነካ ካሴት ለዓመታት ያልተጸዳ ዴክ ውስጥ ሲገባ ክሩ ይበላል፣ ይጨማደዳል፣ አንዳንዴም ይበጠሳል። ከዚያ የተረፈው ደግሞ አንድ ፍላሽ ላይ ይገባና ፍላሹ ሲጠፋ አብሮ ይጠፋል።

የሰርግ፣ የክርስትና፣ የመልስ ካሴት የባለቤቶቹ ብቻ አይደለም። ሙሽራዋን ሊያመጡ የሄዱት መኪኖች ያለፉበት መንገድ አለበት። ከድንኳኑ ጀርባ ወፍጮ ቤቱ፣ ቀበሌው፣ የጎረቤቱ ግቢ አለ። በ2016 ዓ.ም ፒያሳ፣ በ2017 ዓ.ም ካዛንቺስ ሲፈርሱ የብዙ ግቢዎች የሚንቀሳቀስ ምስል የቀረው በነዋሪው ካሴት ላይ ነው። ስለዚህ ከታች ያለውን ሁሉ ስትሠሩ ሙሽሮቹን ብቻ አትዩ። ከኋላቸው ያለውንም አድኑ።

ቅደም ተከተሉን አታዛቡ። እስከ ደረጃ 6 ድረስ የምታድኑት ካሴት ላይ ፕሌይ አይነካም።

ደረጃ 1፦ ሰብስቡ፣ ቁጥር ስጡ

መጀመሪያ ያላችሁን ሁሉ አንድ ጠረጴዛ ላይ አውጡ። ዘመድም ጠይቁ። ሰርጉን የቀዳው ቪዲዮ ቤት ለሙሽሮቹ አንድ፣ ለወላጆች አንድ፣ ለሚዜዎች አንድ ሰጥቶ ሊሆን ይችላል። የእናንተ ከሻገተ የአክስታችሁ ንጹህ ይሆናል።

በተለይ "ኦሪጅናሉ የት ሄደ?" ብላችሁ ጠይቁ። ቤት ያለው ትልቁ ካሴት ብዙ ጊዜ ተቆርጦ፣ ዘፈን ተደርቦበት የተገለበጠ ቅጂ ነው። ካሜራው ውስጥ የነበረው ካሴት ከተገኘ ምስሉ የጠራ ነው። ከሁሉ በላይ ደግሞ አቀናባሪው "አያስፈልግም" ብሎ የቆረጠው መንገዱ፣ ገበያው፣ ግቢ ውስጥ ሽንኩርት የሚከትፉት ሴቶች እዚያ አሉ። ለሰፈር ታሪክ ትልቁ ሀብት ያ ነው።

ለእያንዳንዱ ካሴት ቁጥር ስጡ፦ ካ01፣ ካ02 እያላችሁ። ቁጥሩን በትንሽ ወረቀት ጀርባው ላይ ለጥፉ። የድሮውን ጽሑፍ አትላጡ፣ አትሸፍኑ። "የእቴቴ ልጅ ሰርግ" የሚል ደብዛዛ የእስክሪብቶ ጽሑፍ ብቸኛው ማስረጃ ሊሆን ይችላል። ካሴቱንም ማቀፊያውንም በሁለቱም በኩል በስልክ ፎቶ አንሱ።

ደረጃ 2፦ መደምሰሻውን ዝጉ

ይህ ጥቂት ሰከንድ ይወስዳል፣ ግን መዝለል የለበትም። በተሳሳተ ቁልፍ ሪከርድ ቢጫን የአባትን ድምፅ የሚደመስስ ነገር ነው።

ትልቁ ቪኤችኤስ ካሴት ጀርባው ላይ፣ በአንደኛው ጫፍ ትንሽ የፕላስቲክ ጥርስ አለችው። ካለች በጠፍጣፋ ነገር ስበሩና አውጧት። ቀዳዳው በፕላስተር ከተሸፈነ ፕላስተሩን አንሱት። ትንንሾቹ ካሴቶች ላይ የምትንሸራተት መዝጊያ አለች። ቅጂን ወደሚከለክለው ጎን ግፏት።

ደረጃ 3፦ ዓይነቱን ለዩ

ዴክ ከመፈለጋችሁ በፊት ምን እንደያዛችሁ እወቁ።

*ቪኤችኤስ* ትልቁ ነው፣ ወደ 19 ሴንቲ ሜትር ይረዝማል። አብዛኛው የሰርግ ካሴት ይሄ ነው። *ቪኤችኤስ ሲ* የእሱ ትንሽ ወንድም ነው፣ በማስገቢያ (አዳፕተር) ተደርጎ ትልቁ ዴክ ውስጥ ይገባል። *ቪዲዮ 8* እና *ሃይ 8* የድምፅ ካሴት የሚያህሉ፣ ትንሽ ወፈር ያሉ ናቸው። ለእነሱ የራሳቸው ካሜራ ያስፈልጋል። *ሚኒ ዲቪ* ከሁሉም ያንሳል፣ የክብሪት ቀፎ ትንሽ ተለቅ ብሎ ማለት ነው። እሱ ዲጂታል ስለሆነ መንገዱ ይለያል፣ ደረጃ 6 ላይ ታገኙታላችሁ።

ክሩ ግልጽ ሆኖ በጎኑ ቀዳዳዎች ያሉት፣ ብርሃን ላይ ሲያዝ ትንንሽ ምስሎች የሚታዩበት ከሆነ ደግሞ ካሴት አይደለም፣ ፊልም ነው። ዴኩንም ፕሮጀክተሩንም ተዉትና በቀጥታ ወደ ደረጃ 10 ሂዱ።

ፓል እና ኤንቲኤስሲ፦ ብዙ ጤነኛ ካሴት የሚጣልበት ምክንያት

ይህን በደንብ አንብቡት፣ በተለይ አሜሪካና ካናዳ ያላችሁ። ኢትዮጵያ የምትጠቀመው ፓል የሚባለውን ሥርዓት ነው፤ በሰከንድ 25 ምስል፣ በ625 መስመር። አሜሪካ ኤንቲኤስሲ ነው፤ በሰከንድ 30 ገደማ፣ በ525 መስመር። ከአዲስ አበባ የተላከ የሰርግ ካሴት አሜሪካ ተገዝቶ የመጣ ዴክ ውስጥ ሲገባ ምስሉ ይንከባለላል፣ ጥቁርና ነጭ ይሆናል ወይም ጭራሽ አይታይም። ሰው ደግሞ "ተበላሽቷል" ብሎ ይጥለዋል። ካሴቱ ደህና ነው። የሚጎድለው ፓል የሚያነብ ዴክ ነው። ከዲሲ ወይም ከሎስ አንጀለስ ወደ አገር ቤት የተላከ ካሴትም እዚህ ያው ችግር ይገጥመዋል። እስራኤል፣ ጀርመን፣ ጣሊያን ወይም ስዊድን ያላችሁ ግን አገራችሁ ፓል ስለሆነ ዴኩን እዚያው ፈልጉ።

መፍትሔው ሁለቱንም የሚያነብ ዴክ ነው። ካጣችሁ ካሴቱን ሥርዓቱ ወዳለበት አገር በሰው እጅ ላኩት። በሻንጣ ሳይሆን በእጅ ቦርሳ ይሁን።

ደረጃ 4፦ መርምሩ

እያንዳንዱን ካሴት ብርሃን ላይ አውጥታችሁ በመስኮቱ ውስጡን እዩ። የፊት ክዳኑን ከፍ አድርጋችሁ ክሩን እዩ፣ በጣት ግን አትንኩ። የጣት ወዝ ክሩ ላይ ይቀራል።

ነጭ ዱቄት የሚመስል ነገር ወይም ግራጫ ነጠብጣብ በጥቅሉ ላይ ካያችሁ *ሻጋታ* ነው። ክረምቱን ሲሚንቶ ወለል ላይ ወይም እርጥብ ግድግዳ ሥር የከረመ ካሴት ላይ በብዛት ይኖራል። እንዲህ ያለውን አታጫውቱ። አንዱ የሻገተ ካሴት ዴኩን ይበክላል፣ ዴኩ ደግሞ ቀጥሎ የሚገባውን ሁሉ። ለብቻው በፌስታል ለዩት። ማስክ አድርጉ፣ ሻጋታ ለሳንባ መጥፎ ነው፣ አስም ያለበት ሰው ባይነካው ይሻላል። ደረቅ፣ አየር የሚያዘዋውር ክፍል ውስጥ አቆዩት፣ ጸሐይ ላይ አታስጡት። ማጽዳቱን ለለመደ ባለሙያ ተዉለት። ባለሙያ እስክታገኙ ሌሎቹን ቀጥሉ።

ካሴቱ ስታነቃንቁት የሚንኳኳ ከሆነ ወይም ሣጥኑ ከተሰነጠቀ ክሩን ወደ ሌላ ሣጥን ማዛወር ይቻላል። ቪኤችኤስ ከታች በ5 ብሎን ነው የሚዘጋው። የማትፈልጉትን ካሴት መጀመሪያ ክፈቱና ክሩ በየት በየት እንደሚያልፍ ፎቶ አንሱ፣ ከዚያ ዋናውን ክፈቱ። ስፕሪንጎቹ የሚፈናጠሩ ስለሆኑ ጠረጴዛው ላይ ነጭ ጨርቅ አንጥፉ።

የተበጠሰ ክር በተራ ስኮች አታያይዙ። ሙጫው ሲሞቅ ይወጣና ሄዱ (ዴኩ ውስጥ ክሩን የሚያነበው ክፍል) ላይ ይለጠፋል። ለዚሁ የተሠራ የክር መቀጠያ አለ፤ በእሱ፣ ሄዱን በማይነካው ጀርባ በኩል ይቀጠላል። ከዚያ ገልብጡት፣ ደጋግማችሁ ግን አታጫውቱት።

ደረጃ 5፦ ዴኩን አዘጋጁ

አዲስ የቪኤችኤስ ዴክ ፍለጋ አትድከሙ። የመጨረሻው ፋብሪካ ማምረት ያቆመው እ.ኤ.አ. በ2016 ነው። ያለው ሁሉ ያገለገለ ነው፣ ስለዚህ ማጽዳት ግዴታ ነው።

ሀ. ዴኩን ከሶኬት ንቀሉ። ማጥፋት ብቻ አይበቃም። ክዳኑን ክፈቱ። ኤሌክትሪኩ የሚገባበትን ሰሌዳ አትንኩ፣ ከተነቀለ በኋላም ሊነዝር ይችላል።

ለ. መሃል ላይ የምትሽከረከር የሚያብለጨልጭ ክብ ብረት አለች። ሄዶቹ ያሉት በእሷ ጠርዝ ላይ ነው፣ በጣም ስስ ናቸው። በጆሮ ማጽጃ ጥጥ አታጽዷቸው፣ ጥጡ ሄዱ ላይ ይያዝና ይሰብረዋል። ብናኝ የማይለቅ ለስላሳ ቆዳ ወይም ንጹህ ነጭ ወረቀት በ99 በመቶ አይሶፕሮፒል አልኮል አርጥቡ። እሱን ክቧ ላይ በቀስታ አስደግፋችሁ ያዙ፣ ሌላው እጃችሁ ክቧን ከላይ ያሽከርክራት። *ወደ ላይና ወደ ታች በፍጹም አትፈትጉ።*

ሐ. ክሩ የሚያልፍባቸውን ቋሚ ብረቶችና የላስቲክ መንኮራኩሯን አጽዱ። እዚህ ጥጥ ችግር የለውም። ላስቲኳ ከተሰነጠቀች ወይም እንደ መስታወት ካብለጨለጨች ክር የሚበላው ዴክ ይሄ ነው። አስቀይሯት ወይም ሌላ ዴክ ፈልጉ።

መ. 30 ደቂቃ ይድረቅ። ከዚያ *የማትፈልጉትን ካሴት* ከታችሁ አጫውቱ፣ ወደፊት አስሮጡ፣ ወደኋላ አጠንጥኑ፣ አውጡ። ክሩን እዩ፤ ጠርዙ ታጥፏል? ተቧጥሯል? ሦስት አራት ጊዜ ደህና ሆኖ ካልወጣ የእናታችሁን ሰርግ አትክተቱበት።

በየሁለት ሦስት ካሴቱ ደግማችሁ አጽዱ።

ደረጃ 6፦ ገመድ፣ ኮምፒውተር፣ ቅጂ

የሚያስፈልጋችሁ ላፕቶፕ፣ የዩኤስቢ ቪዲዮ መቅጃ እና ቢጫ፣ ቀይ፣ ነጭ ገመድ ነው። ቢጫው ምስል፣ ቀይና ነጩ ድምፅ። ዴካችሁ የኤስ ቪዲዮ ክብ መሰኪያ ካለው በቢጫው ፈንታ እሱን ተጠቀሙ፣ ቀለሙ ይጠራል። ከአውሮፓ የመጣ ዴክ ሰፊው የስካርት መሰኪያ ብቻ ሊኖረው ይችላል። መለወጫውን ስትገዙ መግቢያና መውጫ መምረጫ ማብሪያ ያለውን ግዙ፣ ወደ መውጫው ገልብጡት። "ጥቁር ስክሪን ብቻ ነው የሚታየኝ" የሚለው ችግር ብዙ ጊዜ ከዚህች ማብሪያ ነው።

ወደ ኤችዲኤምአይ የሚለውጡ ርካሽ ሣጥኖችን ለዚህ ሥራ አትጠቀሙ። ምስሉን ይለጥጡታል፣ እንቅስቃሴውንም ያበላሹታል።

ሶፍትዌሩ ኦቢኤስ ስቱዲዮ ይሁን፣ ነፃ ነው። እንዲህ አስተካክሉት፦

ሀ. መቅጃውን እንደ ቪዲዮ ምንጭ ጨምሩ። ቪዲዮ ስታንዳርድ የሚለው ላይ ለአገር ቤት ካሴት ፓል ቢ፣ ለአሜሪካ ኤንቲኤስሲ ኤም ምረጡ።

ለ. የምስሉ መጠን ለፓል 768 በ576፣ ለኤንቲኤስሲ 640 በ480 ይሁን። ሰፊ ስክሪን እንዲሞላ ብላችሁ አትለጥጡት፣ ሰው ሁሉ ወፍሮ ይታያል።

ሐ. ፍጥነቱ ለፓል 50፣ ለኤንቲኤስሲ 59.94። ምንጩን በቀኝ ጠቅ አድርጋችሁ ዲኢንተርሌሲንግ የሚለው ውስጥ ያዲፍ 2ኤክስ ምረጡ። ሰው እስክስታ ሲመታ ትከሻው ላይ እንደ ማበጠሪያ ጥርስ የሚታየው መስመር በዚህ ይጠፋል።

መ. ቢትሬቱ 15,000 ይሁን። በሰዓት ወደ 7 ጊጋ ይወስዳል፣ የ3 ሰዓት ካሴት ወደ 20 ጊጋ ማለት ነው። ቦታ ከሌላችሁ ትልቅ ሃርድ ዲስክ እስክትገዙ ጠብቁ እንጂ ጥራቱን አታውርዱ።

ሠ. ፋይሉ *ኤምኬቪ* ይሁን፣ ኤምፒ4 አይሁን። እኛ አገር ይሄ ትልቅ ነገር ነው። ቅጂው መሃል ላይ መብራት ቢሄድና ኮምፒውተሩ ቢጠፋ ተራ ኤምፒ4 በአግባቡ ስላልተዘጋ አልከፍትም ይላል፣ ሁለት ሰዓት ሙሉ የተቀዳው ይጠፋል። ኤምኬቪ ግን እስከ ተቋረጠበት ድረስ ያለውን ይሰጣችኋል።

ሶፍትዌር የለመዳችሁ ከሆነና ቦታ ካላችሁ ቨርቹዋልደብን ተጠቅማችሁ ጥራት በማይቀንስ ጭመቃ (ሎስለስ) ቅዱ። በሰዓት 30 ጊጋ አካባቢ ይወስዳል፣ ለማኅደር ግን ምርጡ እሱ ነው።

አሁን ካሴቱን ክተቱ

ቀዝቃዛ ወይም እርጥብ ክፍል የነበረ ካሴት የምትሠሩበት ክፍል ውስጥ አንድ ቀን ይደር። ከዚያ ክተቱት፤ ሳታቋርጡ እስከ መጨረሻው አስሮጡት፣ መልሳችሁ እስከ መጀመሪያው አጠንጥኑት። ለዓመታት የተጣበቀው ጥቅል ይላቀቃል፣ ክሩም እኩል ይጠቀለላል። ሲሮጥ የሚያንቋርር ወይም የሚጎተት ድምፅ ከሰማችሁ ወዲያው አቁሙና አውጡት።

አንድ ሁለት ደቂቃ ሙከራ ቅዱ። ከፍታችሁ እዩት፣ *በጆሮ ማዳመጫ ስሙት*። ድምፅ አልባ ሰርግ መቅዳት በጣም የተለመደ ስህተት ነው፣ ኦቢኤስ ላይ የድምፁን ምንጭ ለብቻው መምረጥ ስላለባችሁ። ደህና ከሆነ ወደ መጀመሪያው መልሱ፣ ኦቢኤስ መቅዳት ይጀምር፣ ከዚያ ፕሌይ።

ላፕቶፑ እንዳያንቀላፋ፣ ማዘመኛ እንዳይጀምር፣ ሌላ ፕሮግራም እንዳይከፈት አድርጉ። በቀጥታ ፍላሽ ላይ አትቅዱ። ክሩ እስኪያልቅ ድረስ አታቁሙ። ከ"ተፈጸመ" በኋላ 10 ደቂቃ ባዶ መስሎ ድንገት ሌላ ነገር የሚመጣበት ካሴት ሞልቷል፤ ከሥር ቀድሞ የተቀዳ የልደት በዓል ወይም ሰፈሩ ተሰብስቦ ያየው ዜና።

ሚኒ ዲቪ ከሆነ የዩኤስቢ መቅጃውን ተዉት። ካሜራውን በፋየርዋየር ገመድ አገናኙ። ምስሉ ዲጂታል ስለሆነ እንዳለ ይገለበጣል፣ በሰዓት 13 ጊጋ።

መሃል ላይ ሲበላሽ

*ምስሉ ላይ የሚንቀጠቀጥ ነጭ መስመር ካለ* ትራኪንግ የሚለውን በቀስታ አስተካክሉ። ታች ጠርዝ ላይ የምትቀር ቀጭን መንቀጥቀጥ ግን የቪኤችኤስ ተፈጥሮ ናት፣ ተዉአት።

*በአንድ ጊዜ ምስሉ በሙሉ በነጭ ነጠብጣብ (በረዶ) ከተሸፈነ* ሄዱ ቆሽሿል። አቁሙ፣ አውጡ፣ አጽዱ፣ ከመጀመሪያው ቅዱ።

*ድምፁ ዝዝ የሚል ከሆነ* ዴኩ ላይ ከሃይፋይ ወደ ኖርማል ወይም ሞኖ ለውጡ።

*ድምፅና ከንፈር እየተራራቁ ከሄዱ* ድምፁ ከዚያው ከመቅጃው እንጂ ከላፕቶፑ ማይክ እንዳልሆነ አረጋግጡ፣ ሁሉም ቦታ 48 ኪሎኸርዝ አድርጉት። ካልሆነ ካሴቱን በግማሽ ሰዓት በግማሽ ሰዓት ከፍላችሁ ቅዱ፣ የየክፍሉ ጫፍ ትንሽ ይደራረብ።

*መብራት ከሄደ* ክሩ ክቧ ላይ እንደተጠመጠመ ይቆያል። ካሴቱን ለማውጣት አትታገሉ። ሲመጣ ሊያርገበግበው ስለሚችል ዴኩን ከሶኬት ንቀሉ፣ መብራቱ ሲረጋ መልሳችሁ ሰኩ፣ ዴኩ ራሱ ይሰበስበዋል።

*ዴኩ ክር ከበላ* ኢጀክት ደጋግማችሁ አትጫኑ፣ ካሴቱንም አትጎትቱ። ከሶኬት ንቀሉ፣ ክዳኑን ክፈቱ፣ ክሩ የተያዘበትን በዓይን እዩ፣ ንጹህ ጓንት አድርጋችሁ ቀስ ብላችሁ አላቁት። ካልላቀቀ እንዳለ ወደ ዴክ ጠጋኝ ውሰዱት። በመቀስ ለመገላገል አትቸኩሉ። የተጨማደደ ክር ሲጫወት ለጥቂት ሰከንድ ይረበሻል፣ የተቆረጠ ግን አይመለስም።

ለሱቅ የምትሰጡ ከሆነ

ሁሉም ሰው ይህን ራሱ ይሠራል ብዬ አላስብም። ለሱቅ ስትሰጡ ግን ንግግሩን ቀድማችሁ ጨርሱ፦ ካሴቱ እስከ መጨረሻው ይቀዳ፣ ባዶ የሚመስለው አይቆረጥ፣ ዘፈን፣ አበባና ርዕስ አይጨመር፣ ፋይሉ ተጨምቆ አንድ ሲዲ ላይ እንዲገባ አይደረግ። የ3 ሰዓት ሰርግ 700 ሜጋ ሆኖ ከመጣላችሁ ፊት አይለይበትም፣ አስደግሙት። ቁጥር የለጠፋችሁበትን ካሴት ራሱን መልሳችሁ ተረከቡ። ሁሉንም በአንድ ቀን አትስጡ፣ አንድ ሰጥታችሁ ሥራውን እዩ።

ደረጃ 7፦ ስም ስጡ፣ አባዙ

ፋይሉን ኦቢኤስ በሰጠው ስም አትተዉት። ካሴቱ ላይ በለጠፋችሁት ቁጥር ጀምሩ፦ ካ07፣ ሰርግ፣ ደሴ፣ 1985። ዓመቱን ካላወቃችሁ አትገምቱ፣ "ያልታወቀ" በሉ።

ሦስት ቅጂ ይኑራችሁ። ሁለቱ በሁለት የተለያዩ ሃርድ ዲስኮች፣ ሦስተኛው ሌላ ቤት፣ ቢቻል ሌላ ከተማ ወይም ሌላ አገር። አንዱ ዲስክ ከእህታችሁ ጋር ባሕር ማዶ ይሂድ። ዲቪዲ ብቻ ላይ አትተማመኑ፣ ቤት ውስጥ የሚቀዳው ዲስክ ከጊዜ ጋር ይበላሻል። ቴሌግራም ማኅደር አይደለም፤ ቪዲዮ ሲላክ ይጨምቀዋል። እንደ ፋይል ብትልኩት ጥራቱ ይጠበቃል፣ ለተራ ተጠቃሚ ግን ከ2 ጊጋ በላይ አይቀበልም። በዓመት አንድ ጊዜ፣ ለምሳሌ በእንቁጣጣሽ ሰሞን፣ ሁሉንም ዲስክ ሰክታችሁ ፋይሎቹ መከፈታቸውን እዩ።

ደረጃ 8፦ ሽማግሌዎቹን አስቀምጡ

የምለምናችሁ ይህን እንዳታሳድሩት ነው። ቴክኒኩን ነገ ሌላ ሰው ሊሠራው ይችላል። "ከድንኳኑ ጀርባ ያለው ቤት የማን ነበር?" ለሚለው ግን መልስ ያላቸው ሰዎች በየዓመቱ ያንሳሉ። ስም የሌለው ቪዲዮ ለልጅ ልጆቻችሁ የማያውቋቸው ሰዎች የሚጨፍሩበት ምስል ብቻ ነው።

ሀ. አስቀድማችሁ ንገሯቸው። "እማማ፣ በዚህ ቪዲዮ ላይ ጋሼ በሕይወት እያሉ ይታያሉ" በሉ። የሞተ ባል ወይም ልጅ ድንገት ስክሪን ላይ ሲናገር መስማት ቀላል አይደለም። የመጀመሪያውን ጊዜ ያለ ጥያቄ ዝም ብለው ይዩት፣ ማልቀስ ከፈለጉ ያልቅሱ። ጥያቄው በሌላ ቀን ይሁን።

ለ. በትልቅ ቴሌቪዥን አሳዩ፣ ሁለት ሦስት ሆነው ይቀመጡ። አንዷ የረሳችውን ሌላዋ ታስታውሳለች፣ ክርክሩ ራሱ ታሪክ ነው። ስልካችሁ ድምፅ እየቀዳ ይቀመጥ፣ ፈቃዳቸውን ጠይቁ።

ሐ. ቁርጥ ያለ ጥያቄ ጠይቁ። "ያስታውሳሉ?" ካላችሁ "አዎ" ብለው ያልፋሉ። አቁማችሁ "ይቺ ጠላ የምትቀዳው ማን ናት? ይህ በር ወደ ማን ግቢ ነው? ይህ መንገድ ወዴት ያወጣል? ድንኳኑ የየትኛው እድር ነው?" በሉ።

መ. ደቂቃውን ከነሰከንዱ ጻፉ። "0፡14፡20፣ ከግራ ሁለተኛዋ፣ የሙሽራው አክስት። ከኋላ ያለው ሰማያዊ በር፣ ዳቦ ቤቱ።" ጽሑፉን በቪዲዮው ስም አስቀምጡ፣ ከሦስቱም ቅጂ ጋር ይሂድ።

ሰፈሩ ፈርሶ ሰው ተበታትኖ ከሆነ የድሮው እድር ወይም ማኅበር የቴሌግራም ግሩፕ ይጠቅማል። ቪዲዮውን ሙሉ አትልኩ፣ አንድ ቁራጭ ፎቶ ላኩና "ይህ የት ነው?" በሉ።

ደረጃ 9፦ ዓመቱን አጣሩ

ስክሪኑ ጥግ ላይ የሚታየውን ቀን ወዲያው አትመኑ። የካሜራው ትንሿ ባትሪ ስታልቅ ቀኑ ወደ ፋብሪካው መነሻ ይመለሳል። ጃንዋሪ 1 የሚል ቀን ከሁሉ በላይ ይጠርጠር።

ቀኑ ትክክል ቢሆንም የፈረንጅ ነው። ከመስከረም መግቢያ እስከ ዲሴምበር 31 ድረስ 7 ዓመት፣ ከጃንዋሪ 1 እስከ ጳጉሜ መጨረሻ 8 ዓመት ቀንሱ። ጃንዋሪ 1993 የሚል ካሴት 1985 ዓ.ም ነው። ሰዓቱም እንዲሁ፤ ሰው ካሜራውን በእኛ ሰዓት ይሞላዋል። ስክሪኑ 3፡00 ኤኤም (በፈረንጅ ከሌሊቱ) ብሎ ጸሐይዋ የረፋድ ከሆነች የእኛ ሰዓት ነው።

ከዚያ ምስሉን ራሱን ጠይቁ። የኦርቶዶክስ ቤተሰብ ሰርግ ከሆነና ቀኑ ዐቢይ ጾም ውስጥ ከዋለ ቀኑ ተሳስቷል ማለት ይቻላል። አዲስ አበባ ውስጥ የሌኒን ሐውልት ቆሞ ከታየ ከግንቦት 1983 ዓ.ም በፊት ነው። ሰንደቅ ዓላማው ላይ ሰማያዊ ክብና ኮከብ ካለ ከ1988 ዓ.ም ወዲህ ነው። የአዲስ አበባ ሱቅ ታፔላ ላይ ባለ 6 አሃዝ ስልክ ካለ ታፔላው የተጻፈው ከ1998 ዓ.ም በፊት ነው፤ ያኔ ነው ቁጥሩ 10 አሃዝ የሆነው። ታፔላ ግን ቶሎ አይቀየርም፣ ስለዚህ ይህችን ምልክት ብቻዋን አትያዙ። ሁለት ሦስት ምልክት ሲገጥም ዓመቱን ጻፉ፣ ከጎኑ እንዴት እንዳወቃችሁ ጨምሩ።

ደረጃ 10፦ ፊልም ካገኛችሁ

በአንዳንድ ቤት፣ በተለይ በንጉሡ ዘመን ካሜራ በነበራቸው ቤተሰቦች ወይም እዚህ ያስተምሩ ከነበሩ የውጭ አገር መምህራን ልጆች ዘንድ፣ የ8 ወይም የ16 ሚሊ ሜትር ጥቅል ፊልም ይገኛል። ሱፐር 8 እ.ኤ.አ. በ1965 የመጣ ነው፤ ትንሿ ጥቅል 3 ደቂቃ ከ20 ሰከንድ ያህል ብቻ ናት።

በድሮ ፕሮጀክተር አታጫውቱት። የደረቀ ፊልም ይቀደዳል፣ ከቆመም መብራቱ ያቃጥለዋል። ቆርቆሮውን ክፈቱና አሽትቱ። አቼቶ አቼቶ ከሸተተ መበስበስ ጀምሯል፣ አይመለስም፣ ማዘግየት ብቻ ነው የሚቻለው። ከሌሎቹ ለዩት፣ አየር እንዲያገኝ አድርጉ፣ ቀዝቃዛና ደረቅ ቦታ ይቀመጥ፣ ከሁሉም ቀድሞ ይገልበጥ። ፊልም የሚገለበጠው ምስል በምስል በሚያነሳ ስካነር ነው። ግድግዳ ላይ እያጫወቱ በስልክ መቅረጽ ፊልሙን አደጋ ላይ ይጥላል፣ የሚገኘውም ደብዛዛ ነገር ነው።

ደረጃ 11፦ ከማጋራታችሁ በፊት

ሰርጉ ላይ የታዩት ሁሉ ለጎረቤት ካሜራ እንጂ ለዩቲዩብ አልጨፈሩም። የተፋቱ አሉ፣ ሃይማኖት የቀየሩ አሉ፣ እንዲህ ሆነው መታየት የማይፈልጉ አሉ። የቤተሰቡን ፈቃድ ጠይቁ። የለቅሶ ቪዲዮ፣ ሕፃናትና በዚያ ጊዜ ፖለቲካ ምክንያት አንድን ሰው ሊጎዳ የሚችል ነገር ካለ ለሕዝብ አይውጣ፣ ዲስኩ ላይ ይቆይ። ከኋላ የሚሰማው ዘፈንም ባለቤት አለው፣ ዩቲዩብ ሊያግደው ይችላል። ስለዚህ ድምፁን ቆርጣችሁ ብትለጥፉ እንኳ ዋናውን ፋይል አትንኩ።

የሰፈሩን መንገድ፣ ገበያውን፣ በዓሉን የሚያሳይ ረዘም ያለ ቅጂ ካላችሁ ቅጂውን ለወመዘክር (ለአገሪቱ ቤተ መዛግብትና ቤተ መጻሕፍት) ወይም ለአዲስ አበባ ዩኒቨርሲቲው የኢትዮጵያ ጥናትና ምርምር ተቋም መስጠት እንደምትችሉ ሄዳችሁ ጠይቁ። ማን ማየት እንደሚችል፣ ባለቤትነቱ የማን እንደሚሆን በጽሑፍ ተነጋገሩ። ኦሪጅናሉን በመጀመሪያው ቀን አታስረክቡ።

ደረጃ 12፦ ካሴቱን አትጣሉት

ተገልብጧልና ቦታ አይያዝ ብላችሁ እንዳትጥሉት። ነገ የተሻለ መቅጃ ሲገኝ ወይም ከፋይላችሁ አንድ ክፍል ተበላሽቶ ሲገኝ መመለሻው እሱ ነው። እስከ መጨረሻው ወደኋላ አጠንጥኑት፣ በማቀፊያው ውስጥ እንደ መጽሐፍ አቁሙት፣ አታጋድሙት። ከወለል ከፍ ይበል። ቆርቆሮ ጣሪያ ሥር፣ ምድጃ አጠገብና ማግኔት ካለው ስፒከር ጎን አይቀመጥ። ክረምት ሊገባ ሲል አንድ ጊዜ፣ ሲወጣ አንድ ጊዜ ከፍታችሁ ሻጋታ እንዳልጀመረው እዩ።